አንድም ጉዳት ስላልደረሰበት የፍልሚያ ዓመት

ነሐሴ 3 ቀን 2017 ዓ.ም.
ቡሬ

ለክቡር አቶ ገነነ ሃይለ ሚካኤል
የላህ ቅይጥ ማርሻል አርት ውድድር አዘጋጅ ማኅበር ሊቀ መንበር
ፍኖተ ሰላም

ክቡር ሆይ፣

ክረምቱ እንደምን ይዞዎታል? የጽሕፈት ቤትዎ ጣሪያ እንዳያፈስብዎ፣ ጉንፋን እንዳይደፍርዎ፣ ጉልበትዎም ለመጪው ዓመት ንግግሮች እንዲበረታልዎ እየተመኘሁ፣ ከቡሬ ሆኜ እጅ እነሳለሁ። እኔም፣ ይጠይቁኝ እንደሆነ፣ በእግዚአብሔር ቸርነት ቆሜ እሄዳለሁ።

ይህን ደብዳቤ በግልጽ ለመጻፍ የደፈርሁት፣ ባለፈው ሳምንት «ላሳዩት ትዕግሥት» ብለው የላኩልኝ የምስጋና ምስክር ወረቀት ስለ ደረሰኝ ነው። አብሮ ታጥፎ የመጣውን የዓመቱን የሥራ ክንውን ሪፖርትም ሦስት ጊዜ አነበብሁት። በገጽ ሁለት ላይ «ማኅበሩ በዓመቱ ያቀዳቸውን አራት ታላላቅ ውድድሮች መቶ በመቶ አከናውኗል፤ በተፋላሚዎችም ላይ አንድም ጉዳት አልደረሰም» ይላል። በአራቱም ውድድሮች ከአንዲት ተፋላሚ ጀርባ የቆምሁ አሰልጣኝ ስለ ነበርሁ፣ ሪፖርቱ ከስኬቱ ብዛት የተነሣ የዘለላቸውን ጥቂት ነገሮች አሟልቼ ባቀርብ ቅር እንደማይልዎ ተስፋ አለኝ።

ክቡርነትዎ ብዙ ሰው ስለሚያገኙ ሊዘነጉን ይችላሉና አስቀድሜ ማንነታችንን ላስታውስዎ። እኔ ይታገሱ ዘሩ እባላለሁ። አሥራ አራት ዓመት የስፖርት መምህር ነበርሁ፤ ከዚያ ወዲህ ከቡሬ ገበያ ጀርባ፣ ቀድሞ በርበሬ ይከማችበት በነበረ መጋዘን ውስጥ ወጣቶችን ሳሰለጥን ቆይቻለሁ። የመጀመሪያውን ወር ያሳለፍነው በማስነጠስ ነው፤ ልጆቹ ቡጢ ከመሰንዘራቸው በፊት ያስነጥሱ ስለ ነበር ተጋጣሚያቸው ቀድሞ ይነቃባቸው ነበር። ምሕረት ገብረሰንበት ብቻ አታስነጥስም ነበር። ከቡሬ የሁለት ሰዓት የእግር መንገድ ካለ የገጠር ደብር የመጣች የቄስ ገብረሰንበት ልጅ ናት፤ ዕድሜዋ ሃያ፣ ክብደቷ ሃምሳ ሁለት ኪሎ። ከአምስት ወንድሞቿ ጋር በመስክ ትግል እየገጠመች ስላደገች፣ ባላጋራዋ እግሩን የት እንደሚያሳርፍ ከራሱ ቀድማ ታውቃለች። ብዙ ልጆች አሰልጥኛለሁ፤ እንደ እሷ ያለ አልገጠመኝም። ይህን የምለው የሆነው ስለ ሆነ አይደለም፤ ያን ጊዜም እለው ነበር።

መስቀል ባለፈ በሳምንቱ አባቷ ጥምጥማቸውን እንዳደረጉ ወደ መጋዘኑ መጡ። ከበሩ ቆመው ልጃቸው አንዱን ጎረምሳ ጠልፋ ስትጥለው አዩ። አልተቆጡም። «ያዕቆብም ታግሏል» አሉኝ፤ «ግን ከመልአክ ጋር ነው። እናንተ ልጄን ከማን ጋር ልታታግሏት ነው?» እኔም የማኅበርዎን ደንብ አውጥቼ አንቀጽ ሰባትን አነበብሁላቸው። «በማንኛውም ውድድር ላይ ፈቃድ ያለው ሐኪምና ዝግጁ አምቡላንስ ይኖራል» ይላል። «ማኅተም አለበት?» ብለው ጠየቁኝ። አሳየኋቸው። በጣታቸው ዳሰሱትና «ማኅተም ካለበትማ እሺ» አሉ። ልጃቸውን የሰጡኝ እኔን አምነው ሳይሆን የእርስዎን ማኅተም አምነው ነውና፣ ስለዚህ አመኔታ በእሳቸው ስም አመሰግንዎታለሁ።

እነሆ ሪፖርትዎ የዘለላቸው ነገሮች፦

፩፤ የመጀመሪያው ውድድር ጥቅምት 17 ቀን ፍኖተ ሰላም ላይ ተደረገ። መድረኩ ለችግኝ ጣቢያ የተገዛ በሚመስል ሽቦ ታጥሮ ነበር። አምስት ንግግር ተደረገ፤ የእርስዎ ብቻውን ከፍልሚያዎቹ ሁሉ ድምር ስለ ረዘመ፣ ያለ ዳኛ ውሳኔ አሸነፉን። ምሕረት ከጅጋ የመጣችውን ተጋጣሚዋን በሁለተኛው ዙር ጠልፋ ጣለቻትና ክንዷን ቆልፋ እጅ አሰጠቻት። ሕዝቡ ብድግ አለ። እሷ ግን መጀመሪያ ያደረገችው የወደቀችውን ልጅ አቧራ ማራገፍ ነበር።

በዚያው ደስታ ውስጥ ሆኜ፣ ከመድረኩ ጥግ ነጭ ጋውን ለብሰው የተቀመጡትን ሐኪም ላመሰግን ሄድሁ። ቀረብ ስል አወቅኋቸው፤ ከመናኸሪያው አጠገብ ፀጉሬን የሚያስተካክሉኝ ሰው ናቸው። «ተቀመጥ ብለውኝ ነው፤ ለዛሬ ሐኪም ነኝ» አሉኝ በትሕትና። ጋውኑም የራሳቸው ነበር። ያን ጊዜ ልጅቱን ይዤ መውጣት፣ ዳግመኛም አለመመለስ ነበረብኝ። አሸንፋ ነበርና ሳቅሁ። ሳቄን የሪፖርትዎ አባሪ ያድርጉልኝ።

፪፤ ሁለተኛውን ውድድር ለጥር 10 ቀን መቅጠርዎ ተራ ሰው የማይደርስበት ጥበብ ነበር። ጥር 10 ከተራ መሆኑን የማያውቅ ሰው በመላው ጎጃም ቢፈለግ የሚገኘው ከማኅበርዎ የእቅድ ክፍል ብቻ ነው። በሜዳው የተገኘነው እኔ፣ ምሕረት፣ የድምፅ ማጉያው ባለሙያና የመድረኩ ዘበኛ ነበርን። የምሕረት ተጋጣሚ ነጭ ለብሳ ከመዘምራኑ ጋር ስታልፍ አይተን እጃችንን አውለበለብንላት። ምሕረትም ጓንቷን አወለቀች፣ ነጠላዋን አጣፋች፣ ታቦቱን ተከትላ ሄደች። ሪፖርትዎ «በጥር ወር ውድድር ከአሥር ሺህ በላይ ሕዝብ ታድሟል» ይላል። ቁጥሩን አልነቅፍም። የታደመው ግን ሌላ ጌታ ዘንድ ነው።

፫፤ ሦስተኛው ውድድር ሚያዝያ 26 ቀን ነበር። ስለዚህኛው ረዘም አድርጌ ብጽፍ ይታገሡኝ።

የተፋላሚዎቹ ክብደት የተለካው ከአንድ የበቆሎ ነጋዴ በተዋሱት የእህል ሚዛን ነው። ምሕረት ሃምሳ ሁለት፣ ከመራዊ የመጣችው ሰብሊ ደግሞ ሃምሳ አራት ኪሎ ናቸው ተብሎ ታወጀ። ሰብሊን ያየ ሁሉ ከስድሳ ኪሎ እንደምታልፍ በዐይኑ መዝኗል። ራሷ ሰብሊ ቅን ልጅ ናትና «ይኼ ሚዛን ልክ አይደለም፤ እኔ ከዚህ እከብዳለሁ» ብላ በሕዝብ ፊት ተናገረች። አስተባባሪዎ «ገበያው ስንት ዓመት የኖረበት ሚዛን ነው» ብሎ ዝም አሰኛት። እኔም ተቃወምሁ። ምሕረት ግን ክንዴን ይዛ «ጋሼ፣ የሰኔው አሸናፊ ለብሔራዊ ምርጫ አዲስ አበባ ይሄዳል። የጥር ወሩ ውድድር አምልጦኛል፤ ዛሬ ካላሸነፍሁ ለሰኔው አልደርስም፤ ዓመቴ አለቀ» አለችኝ። ልክ ነበረች። ተቃውሞዬን አንሥቼ በወረቀቱ ላይ ፈረምሁ። ፊርማዬ ከሪፖርትዎ ጀርባ ተባዝቶ አይቼዋለሁ፤ አምሮ ወጥቷል።

የሐኪሙ ወንበር በዚያ ቀን ባዶ ነበር። አምቡላንስ ተብላ የቆመችው መኪና እኩለ ቀን ላይ የክብር እንግዶችን ለምሳ ይዛ ሄዳለች። በሁለተኛው ዙር የሰብሊ ቀኝ እጅ የምሕረትን ግራ ዐይን አገኘው። ማኅበርዎ ያቀረበው ጓንት ስፌቱ ተተርትሮ አውራ ጣቷ ወጥቶ ነበር፤ ሰብሊ ይህን ለዳኛው አስቀድማ አሳይታው «ጨርሺ፣ ጊዜ የለም» ብሏታል። ፎጣው በእጄ ነበር። ወርውሬ ፍልሚያውን ማስቆም እችል ነበር። ምሕረት ወደ እኔ ዞራ «እንዳትጥል» በሚል ራሷን ነቀነቀችና ያዝሁት። በሦስተኛው ዙር እንደምንም ሰብሊን ጥላ እስከ ደወሉ ድረስ አልለቀቀቻትም፤ በዳኞች ውሳኔም አሸነፈች። የእርስዎ ፎቶ አንሺ ያነሣው ፎቶ ላይ እጇ ከፍ ብሎ፣ ግራ ዐይኗ እንባ አዝሎ ይታያል። ከሥሩ «የደስታ እንባ» ተብሎ ተጽፎበታል።

በማግሥቱ ማለዳ ወደ መጋዘኑ መጣች። ቀኝ ዐይኗን በእጇ እየሸፈነች እየገለጠች «ጋሼ፣ በዚህኛው በላይ በኩል መጋረጃ እየወረደብኝ ነው» አለችኝ። እህተ ማርያም የምትባል የቡሬ ነርስ በባትሪ አየቻትና «ይኼ የእኔ ዐቅም አይደለም። በሁለት በሦስት ቀን ውስጥ ባሕር ዳር፣ ከዐይን ሐኪም ዘንድ ካልደረሰች ይጠፋል» አለችን። በዚያ ሰሞን ወደ ባሕር ዳር የሚወስደው መንገድ ለሕዝብ መኪና ዝግ ነበር፤ የሚያልፉት የመሥሪያ ቤት ደብዳቤ የያዙ ብቻ ናቸው። ማኅበርዎ መኪናም ማኅተምም ስላለው በዚያው ሰኞ ፍኖተ ሰላም፣ ከጽሕፈት ቤትዎ ደረስሁ።

ጸሐፊዎ ስሜን ጠየቀችኝ። «ይታገሱ» አልኋት። «እርስዎም ይታገሱ፤ ሊቀ መንበሩ ስብሰባ ላይ ናቸው» አለችኝ። እናቴ፣ ነፍሷን ይማርና፣ ይህን ስም ስታወጣልኝ የእርስዎን ደጅ ያየች መሰለኝ።

ማክሰኞ ያለ ደብዳቤ ለመጓዝ ሞክረን፣ እንጅባራ ሳንደርስ ተመለስን። ረቡዕ ማኅተም ያዡ ለቅሶ ሄደዋል ተባልሁ። ሐሙስ ራስዎን አገኘሁና ወንበር ስበው አስቀመጡኝ፤ ያን አልረሳውም። «አቶ ይታገሱ» አሉኝ፤ «'ጉዳት' በሚለው ቃል ላይ ማኅበሩ ሊፈርም አይችልም። ዕውቅና ልናገኝ ዋዜማ ላይ ነን። ልጅቱን እኔም እንደ ልጄ ነው የማያት።» ዓርብ «ጉዳት» ወጥቶ «የጤና መጓደል» ገባ። ቅዳሜና እሑድ ቃላቱም ዕረፍት ወጡ። ሰኞ «የጤና መጓደል» ወጥቶ «ድካም» ገባ። ማክሰኞ «ድካም» ጥያቄ ያስነሣል ተባለ።

ቡሬ በተመለስሁ ቁጥር ምሕረት ከመጋዘኑ ግድግዳ ሰዓት ፊት ቆማ፣ ቀኝ ዐይኗን ሸፍና ቁጥሮቹን ትነግረኝ ነበር። በመጀመሪያው ማክሰኞ ከአሥራ ሁለት በስተቀር ሁሉንም አነበበች። ሐሙስ ከሦስትና ከዘጠኝ መስመር በላይ ያሉት ጠፉባት። በሳምንቱ ማክሰኞ ስድስትን ብቻ ለረጅም ጊዜ ፈለገች፤ ከዚያ እጇን አወረደችና «በቃ ጋሼ፣ ነገ አልቆጥርም» አለችኝ።

ደብዳቤው ረቡዕ ግንቦት 6 ቀን ተፈረመ። «ወ/ሪት ምሕረት ገብረሰንበት በግል ጉዳይ ወደ ባሕር ዳር ስለምትጓዝ በመንገዷ ትብብር እንዲደረግላት» ይላል። ለዘጠኝ ቀን ሥራ ሁለት መስመር ተኩል፣ ያውም አንድ የፊደል ግድፈት ሳይገኝበት፤ እንዲህ ያለ ጥንቃቄ በሌላ መሥሪያ ቤት አይቼ አላውቅም። በማግሥቱ ባሕር ዳር ያየን ሐኪም ወጣት ነው። «መቼ ነው የተመታችው?» አለኝ። ነገርሁት። መሣሪያውን አጠፋና ወደ እኔ ሳይሆን ወደ እሷ ዞሮ «እህቴ፣ ቶሎ መጥተሽ ቢሆን ኖሮ እንሞክር ነበር» አላት። ምሕረት «ኖሮ» የሚለውን ቃል ሰማች። 

ወደ ወላጆቿ ያደረስኋት እኔ ነኝ። እናቷ ወይዘሮ ደስታነሽ ፊቷን በሁለት እጃቸው ይዘው ወደ ብርሃኑ አዞሩት፤ ከዚያ ቀስ ብለው ለቀቁት። ቄስ ገብረሰንበት እጄን አስታጠቡኝና «ብላ፤ መንገደኛ ነህ» አሉኝ። ቢረግሙኝ በቀለለኝ። በላሁ። ምን እንደበላሁ ዛሬም አላውቅም።

፬፤ አራተኛውና የመዝጊያው ውድድር ሰኔ 15 ቀን ሲደረግ፣ በከተማው በተሰቀለው ሸራ ላይ የምሕረት ፎቶ ከሁሉም ይበልጥ ነበር። በዚህ ውድድር ላይ የነበራት ተራ ለሌላ ቢሰጥም፣ እሷን «የክብር እንግዳ» ብለው ጠሯት። እኔ እንዳትሄድ መክሬያት ነበር፤ «አባቴ የጠራሽን አክብሪ አለኝ» ብላ መጣች። ከንግግርዎ በኋላ እቅፍ አበባ አስይዘው፣ ለክቡርነትዎ እንድታበረክት ወደ መድረኩ አወጧት። አንድ ዐይን ብቻውን ርቀትን እንደሚሳሳት ያወቅሁት ያን ጊዜ ነው። አበባውን ዘረጋች፤ እጅዎ ወዳለበት ሳይሆን ፈንጠር ብሎ ወዳለው ባዶ ቦታ ነበር፤ ለቀቀችው፤ ወደቀ። ሕዝቡ ሳቀ። ሕዝቡ አያውቅምና አልፈርድበትም። እርስዎ ያውቁ ነበር። እርስዎም ሳቁ።

ሪፖርትዎ በገጽ አምስት ላይ «ተፋላሚ ምሕረት ገብረሰንበት ትዳር ለመመሥረት በራሷ ፈቃድ ከውድድር ተሰናብታለች» ማለቱን ወላጆቿ በእኔ በኩል ሰምተዋል። ሙሽራውን አላወቁትም፤ ከየት ወገን እንደሆነ ቢያሳውቋቸው ድግሱን ያሰናዱ ነበር። ልጅቱ አሁን ከእናቷ ጋር ናት። በሐምሌ ስሄድ የበርበሬ ችግኝ ትተክል ነበር። ችግኙን ከጉድጓዱ ጎን ታስቀምጠዋለች፤ ከዚያ ጉድጓዱን በጣቷ ፈልጋ ታስገባዋለች። ከወንድሞቿ አንዱ ሊያግዛት ሲል «ተው፣ እለምደዋለሁ» ስትል ሰማሁ። በሪፖርትዎ ሽፋን ላይ «2017 ዓመተ ምሕረት» ተብሎ በትልቁ ታትሟል። ሌላው ሰው አንድ ጊዜ ያነበዋል፤ እኛ ሁለት ጊዜ እናነበዋለን።

አቤት አላልህም እንዳልባል፣ በሰኔ መጨረሻ አቤቱታዬን ለበላይ አካል አስገብቼ ነበር። እነሱም ነገሩ እንዲጣራ ወደ እርስዎ መሩት። እርስዎም አጣርተው ጉዳት አለመድረሱን አረጋገጡላቸው። ፋይሉ ተዘግቷል። እንዲከፈት አልጠይቅም፤ ቢከፈትም ውስጡ የሚገኘው የእኔ ፊርማ ነው። መጋዘኑንም ለባለቤቱ መልሻለሁ፤ አሁን በቆሎ ሞልቶታል። አሥራ አንዱ ሰልጣኞቼ ሌላ አሰልጣኝ አግኝተናል ብለው ሄደዋል፤ የት እንደሆነ ስጠይቃቸው ለእኔ መናገር ያፍራሉ።

አዲሱ ዓመት ለማኅበርዎ የስድስት ውድድሮች፣ ለክቡርነትዎም የስድስት ንግግሮች ዘመን ይሁንልዎ እያልሁ፣ ቃል በመምረጥ ረገድ በመላው አውራጃችን አቻ ላልተገኘልዎ ለእርስዎ ያለኝን የማይነጥፍ አድናቆት እየገለጽሁ፣ ዝቅ ብዬ ሰላምታዬን አቀርባለሁ።

ይታገሱ ዘሩ
የቀድሞ መምህር፣ የቀድሞ አሰልጣኝ

ግልባጭ፦
ለሚመለከተው ሁሉ፣ የሚመለከተው ካለ

ድኅረ ጽሑፍ፤ ሐምሌ እንደገባ ሰብሊ ከመራዊ ተነሥታ የቄሱ ደጅ ድረስ መጥታ እንደ ነበር ይወቁልኝ። የምሕረት ዐይን መጥፋቱን የነገራት ሰው አልነበረም፤ ሰው ጠይቃ ጠይቃ ነው የደረሰችበት። እንደ አገራችን ወግ ድንጋይ ተሸክማ፣ አንገቷን ደፍታ ገባች። ምሕረት ድንጋዩን ከትከሻዋ አወረደችላትና «አንቺ ምን አጠፋሽ?» አለቻት። በዚህ ዓመት ይቅርታ ለመጠየቅ ያን ደጅ የረገጠች ጥፋት የሌለባት ብቻ ናት። ሲለያዩ ምሕረት «ሁለተኛ እዚያ መድረክ ላይ አትውጪ» አለቻት፤ ሰብሊም «አልወጣም» ብላ ማለች። ትናንት የጥቅምቱን ውድድር ፖስተር በቴሌግራም ለቃችሁታል። ሰብሊ አለችበት። ተጋጣሚዋን አላውቃትም፤ ገና ልጅ ትመስላለች።